ሻጩ አታላይ ነው ወይስ ባለዕዳ? የቤትና የቦታ ሽያጭ ሲከሽፍ

(ደብረ ማርቆስ ላይ ለተሰበሰቡ ነዋሪዎች ከተደረገ ንግግር የተጻፈ)

እንደምን ዋላችሁ። አባቶች፣ እናቶች፣ ወንድሞችና እህቶች፣ ሥራችሁን ትታችሁ ስለመጣችሁ አመሰግናለሁ።

በቀጥታ ወደ ነገሩ ልግባ። ቤት ወይም ቦታ ሊገዛ ብር የከፈለ ሰው ነገሩ ሲበላሽበት መጀመሪያ የሚሮጠው ፖሊስ ጣቢያ ነው። «ገንዘቤን በላኝ፣ እሰሩልኝ» ይላል። አይፈረድበትም። ያ ብር ዓረብ አገር ያለች ልጅ ስንት መከራ አይታ የላከችው ሊሆን ይችላል። የጤፍና የበሬ ዋጋ ተጠራቅሞም ሊሆን ይችላል። ፖሊሱ ግን ወረቀቱን አገላብጦ ያይና «ይሄ ፍትሐ ብሔር ነው፣ ፍርድ ቤት ሂድ» ይለዋል። ሰውየው ሕግ የሌለበት አገር ላይ ያለ መስሎት ይወጣል።

ዛሬ የመጣሁት ያ ፖሊስ መቼ ልክ እንደሆነ፣ መቼ ደግሞ እንደተሳሳተ ልነግራችሁ ነው። ብር ስለጠፋ ብቻ ወንጀል ተፈጸመ አይባልም። ሻጩ ውሉን ስላፈረሰ ብቻም አይባልም። ሕጉ የሚጠይቀው ሌላ ነው፦ ሻጩ ብሩን በተቀበለበት ቀን ምን ያውቅ ነበር? ምን አለ? መናገር ሲገባው ምን ደበቀ? ከዚያ ቀን በኋላ የሆነው ነገር፣ የቱንም ያህል ቢያናድድ፣ ብዙውን ጊዜ የፍትሐ ብሔር ነው።

እኛ ጎጃም ውስጥ ይህን መቀበል እንደሚከብደን አውቃለሁ። በርስትና በሚስት ቀልድ የለም እየተባልን ነው ያደግነው። እዚህ አገር መሬት ከአያት ከቅድመ አያት እየተቆጠረ የሚወረስ ርስት ነበር። በ1967 አዋጅ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ሆነ። በ1989 ደግሞ የክልሉ የመሬት ድልድል መጣ። አንዱ አገኘ፣ አንዱ አጣ። ቁርሾው እስከዛሬ ያልወጣላቸው ቤተሰቦች አሉ። ስለዚህ በቦታ የተጎዳ ሰው «ዕዳዬን ያልከፈለኝ ሰው አለ» ብሎ አይመጣም። «ተደፈርኩ» ብሎ ነው የሚመጣ። ሕጉ ግን ስሜቱን አይለካም። የሻጩን ሐሳብና ድርጊት ነው የሚለካው።

መሠረቱን እንይ። በ1996 የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 23 ላይ አንድ ድርጊት ወንጀል የሚሆነው ሦስት ነገር ሲሟላ ነው ይላል። የሚከለክል ሕግ፣ የተፈጸመ ድርጊት፣ ከዚያም ሐሳብ። አታላይነት ያለው አንቀጽ 692 ላይ ነው። የማይገባውን ጥቅም ለማግኘት ብሎ ሐሰት የተናገረ፣ ማንነቱን ወይም ሁኔታውን ለውጦ ያቀረበ፣ መግለጽ የሚገባውን የደበቀ፣ ወይም የሌላውን የተሳሳተ እምነት የተጠቀመ፣ በዚህም ሰውየውን ንብረቱን የሚጎዳ ነገር እንዲያደርግ ያደረገ ሰው ይቀጣል። ቅጣቱ ቀላል እስራት ነው፤ እንደ ነገሩ ክብደት ደግሞ እስከ 5 ዓመት ጽኑ እስራት፣ ከመቀጮ ጋር። ቅደም ተከተሉን ልብ በሉት። መጀመሪያ ማታለሉ፣ ከዚያ ማመኑ፣ ከዚያ መክፈሉ። ከክፍያው በኋላ የመጣ ውሸት ከክፍያው በፊት የነበረ ማታለልን አይፈጥርም።

ሌላም አለ። ኢትዮጵያ የተቀበለችው ዓለም አቀፍ የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን በአንቀጽ 11 ላይ ማንም ሰው የውል ግዴታውን መፈጸም ስላልቻለ ብቻ አይታሰርም ይላል። በሕገ መንግሥታችን አንቀጽ 9 መሠረት ኢትዮጵያ ያጸደቀችው ስምምነት የአገሪቱ ሕግ አካል ነው። «ስላልቻለ ብቻ» የምትለዋን ያዙልኝ። ያልቻለ ሰው አይታሰርም። ያታለለ ይታሰራል።

አሁን እጃችሁ ላይ ያለውን ወረቀት እንይ። ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። መስመር ባለው ወረቀት፣ በእስክሪብቶ፣ አንድ እጁ የሚፈጥን ጸሐፊ የጻፈው። «እኔ ሻጭ ከዚህ በታች የተመለከተውን ቤቴን ለገዥ በብር ይህን ያህል ሸጬለታለሁ» ይላል። ቀጥሎ አዋሳኙ ይመጣል፤ በምሥራቅ መንገድ፣ በምዕራብ የእገሌ ቤት። «ከሌላ ወገን ጥያቄ ቢመጣ ተከላክዬ አስረክባለሁ» ይላል። መጨረሻ ላይ «ይህን ውል ያፈረሰ ለመንግሥት ይህን ያህል፣ ለውል አክባሪ ይህን ያህል ይከፍላል፤ ውሉም በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1731 እና 2005 መሠረት የጸና ነው» ተብሎ ይዘጋል። ከሥሩ የምስክሮች ፊርማና አሻራ አለ።

ያ ወረቀት ራሱ ብዙ ይነግራችኋል። «ያፈረሰ ይህን ያህል ይከፍላል» ብላችሁ ስትፈርሙ ውሉ ሊፈርስ እንደሚችል አስቀድማችሁ አውቃችሁ ዋጋ አውጥታችሁለታል። ለመንግሥት የሚለው መስመርም ሻጩን ወንጀለኛ አያደርገውም። ቀብድም እንደዚሁ ነው። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1885 መሠረት፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ ቀብድ የሰጠ ሰው ውሉን ቢተው ቀብዱን ያጣል። የተቀበለው ቢተው እጥፉን ይመልሳል። ሕጉ ለመተው ዋጋ አስቀምጦለታል ማለት ነው። ሕግ ዋጋ ያወጣለትን ነገር አድርጓል ብሎ ሰውን ማሰር አይቻልም። እጥፉን አልመልስም ካለ ደግሞ ባለዕዳ ነው፤ ይከሰሳል፣ ይፈረድበታል፣ ንብረቱ ይሸጣል።

አንዲት እናት ወረቀታቸውን በፌስታል ጠቅልለው ወደ እኔ መጥተው ነበር። ቤት ሊገዙ ከዋጋው ከግማሽ በላይ ከፍለዋል። ሻጩ ስም አላዞረላቸውም፤ ብሩንም አልመለሰም። ፖሊስ ፍትሐ ብሔር ነው ብሏቸዋል። እሳቸው ፖሊሱ ተገዝቷል ብለው አምነዋል።

«እናቴ፣ ካርታው የራሱ ነው?» አልኳቸው።

«የራሱ ነው።»

«ባንክ በዕዳ እንደያዘው ሲሸጥልዎት ነግሮዎታል?»

«ነግሮኛል። እሷን ከፍዬ ስሙን አዞርልሻለሁ ብሎኛል። ወረቀቱም ላይ አለች።»

ነበረች። ሦስተኛው መስመር ላይ። ሰውየው ቤቱ የራሱ ነው፣ ዕዳውን አልደበቀም፣ አደርጋለሁ ያለውን ግን አላደረገም። ብሩ ሌላ ጣጣ ላይ ጠፍቷል። «ታዲያ ጨዋ ሰው ነው ልትለኝ ነው?» አሉኝ። አይደለም። ቃሉን በልቷል። ግን ቃል መብላትና ማታለል በሕግ ፊት ይለያያሉ። እኔን ያስለቀሰኝ ሌላው ነገር ነው። እሳቸው ከጣቢያ ጣቢያ፣ ከዐቃቤ ሕግ ዐቃቤ ሕግ ሲመላለሱ ሰውየው የነበረውን ሌላ ንብረት ሸጦ ጨረሰ። የመጀመሪያው ሳምንት ላይ ፍርድ ቤት ሄደው ንብረቱ እንዳይሸጥ እግድ ቢያወጡ ኖሮ የሚይዙት ነገር ነበራቸው።

የተሳሳተ በር ማንኳኳት የሚያስከፍለው ይህን ነው። ፖሊስ ዕዳ አይሰበስብም። ሻጩ ቢታሰር እንኳ እስራቱ ብሩን አያመጣም። የፍትሐ ብሔር ፍርድ ቤት ግን የሚይዝ እጅ አለው። በ1958 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 154 ጊዜያዊ እግድ ይፈቅዳል። አንቀጽ 151 ደግሞ ተከሳሹ ንብረቱን ሊያሸሽ መሆኑ ከታየ ከፍርድ በፊት ንብረቱ እንዲያዝ ያደርጋል። የተወሰነ ብር በጽሑፍ ከተረጋገጠ በአንቀጽ 284 አጠር ባለ ሥርዓት መክሰስ ይቻላል። «የዳኝነት የምከፍለው የለኝም» የሚል ሰው በአንቀጽ 467 በደሃ ደንብ እንዲከስ ይጠይቅ። ብዙ ሰው ወደ ፖሊስ የሚሄደው ነጻ ስለሆነ ነው፤ ይህን ቢያውቅ ኖሮ አይሄድም ነበር። ፍርድ ሲገኝም ዋናው ብር ብቻ አይደለም። ውሉ ሌላ ካላለ በሕጉ 9 በመቶ ወለድ በዓመት ይታሰባል።

ከክስ በፊት ማስጠንቀቂያ ስጡ። በጽሑፍ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1772 መሠረት ውሉን ያልፈጸመውን ወገን መጀመሪያ ፈጽም ማለት ይገባል። ስልክ ደውሎ መሳደብ ማስጠንቀቂያ አይሆንም።

አሁን ከባዱን ላንሳ። ባዶ መሬት።

በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3 መሬት አይሸጥም አይለወጥም። የምትሸጡት ቤት ነው። የገበሬው መብት የመጠቀም መብት ነው፤ በክልላችን የገጠር መሬት ሕግ ሊያከራየው፣ ሊያወርሰው፣ በተወሰነ ሁኔታ ሊሰጠው ይችላል። ሊሸጠው ግን አይችልም። ይህን ሁሉም ያውቃል። አውቆም ግን ይሸጣል፣ ይገዛል። በባሕር ዳር ዙሪያ፣ እዚህም በከተማችን ጠርዝ፣ ከተማው ወደ ገበሬው ማሳ ሲጠጋ ደላላው ይቀድማል። ሽያጭ ተብሎ ስለማይጻፍ «ብድር» ተብሎ ይጻፋል። ወይም «ስጦታ»። ወይም ረጅም «ኪራይ»። ከዚያ ገበሬው ይሞታል፣ ልጆቹ መሬቱን ይጠይቃሉ፣ ገዥው ወረቀቱን ይዞ ይቀራል።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው «ሕገ ወጥ ነገር ሸጠልኝ፣ ስለዚህ ወንጀለኛ ነው» ይላል። ተጠንቀቁ። ሕግ የከለከለውን ነገር ሁለታችሁም አውቃችሁ ከተዋዋላችሁ ማን ማንን አታለለ? ማታለል የሚባለው አንዱ የሚያውቀውን ሌላው ሳያውቅ ሲቀር ነው። እዚያ ውል ውስጥ አታላይም ተታላይም የለም። ሁለት ሰዎች ሕግ ጥሰዋል። ለነገሩ መሬት መውረርና ያለ ፈቃድ ይዞ መገንባት ራሱን ችሎ ያስቀጣል፤ በ2004 የወጣው የከተማ ቦታ ሊዝ አዋጅ ለዚህ ከባድ ቅጣት አለው። «እሰሩልኝ» ብሎ ጣቢያ የገባው ገዥ ራሱ ሊጠየቅ ይችላል።

ብሩስ? ብሩ ይመለሳል። ሕገ ወጥ ጉዳይ ላይ የተደረገ ውል አይጸናም፤ ውል ሲፈርስ ደግሞ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1815 ሁለቱም ወገኖች በተቻለ መጠን ከውሉ በፊት ወደነበሩበት ይመለሳሉ። መሬቱ ለባለይዞታው፣ ብሩ ለከፋዩ። ለዚህም ነው «ብድር» ተብሎ የተጻፈው ወረቀት አንዳንዴ ገዥውን የሚያተርፈው። ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በጽሑፍ፣ በፍርድ ቤት በሚሰጥ የእምነት ቃል ወይም በመሐላ እንጂ በሌላ ማስረጃ አይረጋገጥም፤ ወረቀት ያለው ሰው ግን ቢያንስ ብር መስጠቱን ያሳያል። ይህን የምላችሁ እንደ ዘዴ እንድትጠቀሙበት አይደለም። ሐሰት የጻፈ ሰው ፍርድ ቤት ፊት የራሱን ሐሰት ሲያብራራ ማየት ያሳዝናል። የፈሰሰ ውኃ ነው፤ ግን ወረቀቱ ያላችሁ ሰዎች አትጣሉት ለማለት ነው።

ሕጋዊ በሆነው የቤት ሽያጭም ቢሆን ወረቀቱ ብቻ አይበቃም። የማይንቀሳቀስ ንብረት ሽያጭ በጽሑፍ ካልሆነ ዋጋ የለውም፤ አንቀጽ 2877። አንቀጽ 1723 ደግሞ በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን በተሰጠው አካል ፊት ይሁን ይላል። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት በመዝገብ ቁጥር 21448 ይህን አጥብቆ ይዞታል። በኋላ በሰጠው ውሳኔ ግን ሻጩ ውሉን ካልካደ መመዝገብ አለመመዝገቡ ውሉን አያፈርሰውም ወደሚል አቋም መጥቷል። ስለዚህ ውሉ መንደር ውስጥ ተጽፎ የቤት ዋጋ ሲጨምር ጊዜ ሻጩ «አልተመዘገበም፣ ይፍረስልኝ» ቢል ነውረኛ ነው፤ ወንጀለኛ ግን አይደለም። የትዳር ጓደኛ ሳትፈርም የተሸጠ የጋራ ቤትም ያው ነው። ያልፈረመችው ሚስት ውሉን ታፈርሳለች፣ ገዥው ብሩን ይጠይቃል። ሻጩ «ሚስት የለኝም» ብሎ ምሎ፣ ያላገባ የሚል ወረቀት አውጥቶ ከሸጠ ግን ነገሩ ይለወጣል።

እንግዲህ ወደዚያኛው ወገን ተሻግረናል። ወንጀሉ የት ነው?

የሰው ቤት የራሴ ነው ብሎ የሸጠ። ካርታ አስመስሎ አሠርቶ ያሳየ። ያልተሰጠው ውክልና ይዞ የመጣ። የሞተ ሰው ወኪል ነኝ ያለ። እነዚህ ላይ ክርክር የለም፤ ሐሰተኛ ሰነድ ሲኖር ከአታላይነቱ ሌላ የሰነዱ ወንጀል ይጨመራል። ፖሊስ «ፍትሐ ብሔር ነው» ብሎ ቢመልሳችሁ ተሳስቷል፤ በጽሑፍ አመልክቱ፣ ወደ ዐቃቤ ሕግ ውጡ።

የሚያከራክረው መካከሉ ነው። አንድ ቤት ለሁለት ሰው የሸጠ ሻጭን እንውሰድ። ለመጀመሪያው ገዥ ሲሸጥ ቤቱ የሱ ነበር፣ አላታለለም። በኋላ ሌላ ሰው ዋጋ ጨምሮ መጣና ሸጠለት። ለመጀመሪያው ገዥ ይህ ውል ማፍረስ ነው። ለሁለተኛው ግን መናገር የሚገባውን ደብቋል፤ ቤቱ ተሸጧል፣ ብር ተቀብሎበታል። ሁለተኛው ገዥ የአታላይነት አቤቱታ አለው። ሻጩ ከመጀመሪያውኑ ለአንዳቸውም ሊያስረክብ ሳያስብ ከሁለቱም ብር እየሰበሰበ ከነበረ ደግሞ ሁለቱም አላቸው። ሐሳቡን እንዴት እናውቃለን? ልብ አይታይም፤ ቀን ግን ይታያል። የውሎቹን ቀን አነጻጽሩ። ብሩ ባንክ ከገባ በስንተኛው ቀን እንደወጣ ይታይ። ስልኩን መቼ ዘጋ? ሊሸጥለት ያነጋገረው ሦስተኛ ሰው ነበር? ከዚህ ሁሉ ሐሳቡ ይወጣል።

ዕዳና እግድም እንደዚሁ ነው። ያቺ እናት የነገሩኝ ሻጭ የባንኩን ዕዳ ተናግሯል። ያንኑ ቤት «ከዕዳ ነጻ ነው» ብሎ ቢሸጥ ኖሮ ዛሬ የማወራችሁ ሌላ ታሪክ ነበር። አንዲት መስመር ናት ልዩነቱ። ስለዚህ «ከዕዳና ከእግድ ነጻ መሆኑን ሻጭ አረጋግጧል» የሚል ዓረፍተ ነገር ውላችሁ ውስጥ አስገቡ። እውነት ከሆነ ምንም አይጎዳችሁም። ሐሰት ከሆነ ማስረጃችሁ እሱ ነው። ከመክፈላችሁ በፊት ግን ከተማ አስተዳደሩ ሄዳችሁ ማኅደሩን አስፈትሹ፤ ያ ከሁሉም ይቀድማል።

ስለ ደላላ አንድ ልበል። ለሻጩ የከፈላችሁት ዋጋ ከእጁ ሲገባ የሱ ገንዘብ ነው፤ ሌላ ቦታ ቢያጠፋው ውል ማፍረስ ነው። ለደላላ ወይም ለዘመድ «ወስደህ ባንክ ክፈልልኝ» ብላችሁ የሰጣችሁት ግን የእናንተ ገንዘብ ነው። በልቶት ከተገኘ የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 675 አለ፣ እምነት ማጉደል። አንድ ዓይነት ብር፣ አንድ ዓይነት ቀን፣ ሁለት የተለያዩ መዝገቦች። ስለዚህ ለማን፣ ለምን እንደሰጣችሁ የሚያሳይ ደረሰኝ ያዙ። በባንክ አስተላልፉ፣ ምክንያቱንም ጻፉበት።

ሁለቱ መንገዶች እርስ በርስ አይዘጋጉም። ወንጀል ከሆነ በወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 ካሳችሁን እዚያው የወንጀል ችሎት ላይ መጠየቅ ትችላላችሁ። ሻጩ በወንጀሉ ነጻ ቢባልም ሁሉ ነገር አላለቀም። ወንጀል ለማስረዳት የሚፈለገው ማስረጃ ከባድ ነው፤ የፍትሐ ብሔሩ ይቀላል። ሻጩ ያለበት የውል ዕዳ እንዳለ ነው። ግን ጊዜ አለው። በመርህ ደረጃ የውል ክስ በ10 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል፤ በማታለል ወይም በስሕተት ምክንያት ውል ይፍረስልኝ የሚለው ደግሞ ምክንያቱ ከቀረ በ2 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። በክልላችን ባለው ግጭት መንገድ ተዘግቶበት ፍርድ ቤት መድረስ ያልቻለ ሰው እንዳለ አውቃለሁ። እናንተ ግን ቀኑን ጻፉ፣ ወረቀቱን ከእሳትና ከዝናብ ጠብቁ፣ እንደተቻለ ሂዱ።

ሰውን ለማስፈራራት ብቻ ወንጀል ያልሆነውን ወንጀል ነው ብላችሁ አታመልክቱ። ንጹሕ መሆኑን እያወቁ ሰውን መወንጀል ራሱ በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 447 ያስከስሳል። «ትንሽ ታስሮ ይውጣና ብሩን ያመጣል» የሚል ምክር የሚሰጣችሁ ሰው ወዳጅ አይደለም። ሻጩ ከታሰረ ቤተሰቡ ይቀየማል፣ ነገ ሽማግሌ መላክ ቢያስፈልግ ማን ይሄዳል?

ሽማግሌ የምለው እንዲሁ አይደለም። ብዙ የከሸፈ ሽያጭ የሚያልቀው በእርቅ ነው፣ ሕጉም ይቀበለዋል። ግን እርቁን በጽሑፍ አድርጉ። ክሱ ፍርድ ቤት ከገባ ደግሞ ስምምነቱን መዝገቡ ላይ አስያዙ፤ ካልከፈለ በአፈጻጸም ትጠይቁበታላችሁ። ወንጀል ከሆነ ግን ሽማግሌ ጉዳታችሁን ያስክሳል እንጂ ክሱን አያነሳም፤ እሱ የዐቃቤ ሕግ ነው።

ወረቀታችሁን ይዛችሁ የመጣችሁ አላችሁ። ስምና ስልክ ሸፍናችሁ ወደፊት አምጡ፣ መጀመሪያ የተከፈለበትን ቀን አሳዩኝ። ከዚያ ወደ ጥያቄ እንሄዳለን።